የኖቬምበሩ ልጅና የፌብሩዋሪው ኑዛዜ

ማርች 11፣ ማክሰኞ፣ ከረፋዱ አራት ሰዓት ከሃያ ላይ፣ ቨርጂኒያ ውስጥ አሌክሳንድሪያ የሚኖሩ አንዲት የዘጠና አንድ ዓመት ሴት በቤተሰባቸው መካነ መቃብር ሊቀበሩ እንደማይችሉ የሚገልጽ ደብዳቤ ደረሳቸው። ደብዳቤው አንድ ገጽ ነበር። የፈረሙት የመካነ መቃብሩ ቦርድ ሰብሳቢ ሲሆኑ፣ የሴትዮዋ የሩቅ ዘመድ ናቸው።

ደብዳቤውን ከፖስታ ሳጥን አውጥታ ያነበበችላቸው ታላቅ እህቴ ናት። እህቴ ውድብሪጅ ትኖራለች። በሳምንት አምስት ቀን አሌክሳንድሪያ እየሄደች ሴትዮዋን መንከባከብ ከጀመረች አምስት ዓመት ሆኗታል። ታጥባቸዋለች፣ መድኃኒታቸውን ትሰጣቸዋለች፣ ምግብ ትሠራለች፣ ሐኪም ዘንድ ትወስዳቸዋለች። «እማማ» ብላ ነው የምትጠራቸው። መጀመሪያ ትርጉሙን ጠይቀዋት ነበር፤ ከነገረቻቸው በኋላ ሌላ ስም አልፈለጉም።

እኔ የምኖረው ሲልቨር ስፕሪንግ ነው። ለአንድ የአማርኛ ሬዲዮ ዜና እሠራለሁ፤ ከዚያ በፊት አዲስ አበባ ጋዜጣ ላይ ነበርኩ። እህቴ ስትደውል የቀኑን ዜና እያረምኩ ነበር።

«እማማን አንቀብርም አሏቸው» አለች።

«መቼ ሞቱ?»

«ኧረ ሟርትህን ተው! እዚህ ቁጭ ብለው ቶስት እየበሉ ነው። ሲሞቱ አንቀብርም ነው የሚሉት። ከልጃቸው ጎን።»

«ለምን?»

«ዘራችን መሆንሽን በወረቀት አረጋግጪ ነው ነገሩ። በዘጠና አንድ ዓመታቸው! አንተ የሰው ወረቀት መጎርጎር ትወድ የለ? ናና ጎርጉር።»

ቅዳሜ ጠዋት ሄድኩ። ከተማውን የሚዞረውን አውራ ጎዳና፣ ቤልትዌይን ይዤ፣ የወንዙን ድልድይ ተሻግሬ አርባ ደቂቃ ፈጀብኝ። ሴትዮዋ መስኮት አጠገብ ባለ ወንበር ላይ ተቀምጠዋል፤ አፍንጫቸው ላይ የኦክስጅን ቱቦ አለ። ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት ባዮሎጂ ያስተምሩ ነበር። የልብ ድካም አለባቸው፤ ሐኪሞቹ ስንት ጊዜ እንደቀራቸው አልነገሯቸውም፣ እሳቸውም አልጠየቁም። የምንነጋገረው በእንግሊዝኛ ነው፤ እዚህ የምጽፈው ግን በራሴ አማርኛ ነው። በኋላ ይህን ለመጻፍ ፈቃድ ስጠይቃቸው የማንንም ስም እንዳልጠራ ነግረውኛል። አልጠራም።

«ጋዜጠኛ ነው አለችኝ» አሉ። «እዚህ ቤት ዜና የለም።»

«ዜና ፈልጌ አልመጣሁም።»

«ጥሩ። ተቀመጥ እንግዲህ።»

ምን እንደሚፈልጉ ጠየቅኳቸው። ብዙ አላሰቡም።

«ልጄ እዚያ ናት። አጠገቧ አንድ ባዶ ቦታ አለ። ስንቀብራት አጎቴ ‹ያኛው ያንቺ ነው› አለኝ። ያኔ የመቃብሩ በር ቁልፍ በእጁ ነበር፤ ማንም ወረቀት አልጠየቀኝም። አሁን አጎቴ ሞቷል፤ ያለኝም በቃል ነው።»

አንድ ልጃቸው ነበረች። በሠላሳ አራት ዓመቷ በሕመም ሞተች። ባላቸው የባሕር ኃይል ሰው ስለነበሩ አስከሬናቸው ተቃጥሎ አመዱ ባሕር ላይ እንዲበተን ተናዘው ነበር፤ እንደዚያው ተደረገ። ስለዚህ ሴትዮዋ አጠገቡ የሚቀበሩበት ሌላ ሰው የላቸውም።

መካነ መቃብሩ ከአሌክሳንድሪያ ወደ ደቡብ አንድ ሰዓት ተኩል ያህል በመኪና የሚያስኬድ ቦታ ላይ ነው። ትንሽ ነው፤ ዙሪያውን በሸክላ ግንብ ታጥሯል። መሬቱን መጀመሪያ የያዘው ሰው ቨርጂኒያ ገና የእንግሊዝ ንጉሥ ቅኝ ግዛት በነበረችበት ዘመን በመርከብ መጥቶ ወንዙ ዳር ትምባሆ ያለማ ነው። የልጅ ልጆቹ መሬቱን በኋላ ሲሸጡ መቃብሩን ለይተው አስቀሩ፤ ውሉ ላይም ቦታው «ከእርሱ አብራክ ለወጡ» ብቻ እንዲሆን አጻፉ። ዘመዳሞቹ ቦታው እየጠበበ ሲመጣ ቦርድ አቋቋሙ፤ ቦርዱም ደንብ አወጣ። በደንቡ መሠረት አመልካቹ ከራሱ ተነሥቶ እስከ መጀመሪያው ሰው ድረስ እያንዳንዱን ትውልድ በሰነድ ማያያዝ አለበት። የቦርዱ ስብሰባ በዓመት ሦስት ጊዜ ነው፤ ማርች፣ ጁንና ሴፕቴምበር።

ከሴትዮዋ እስከ መጀመሪያው ሰው አሥር ትውልድ ነው። ሰባቱን ትውልድ በልደት፣ በጋብቻና በኑዛዜ ወረቀት እሳቸው ራሳቸው አሟልተው ልከዋል። ቀሪዎቹ ሦስቱ በሰብሳቢው አያት የተዘጋጀ የቤተሰብ መጽሐፍ ውስጥ አሉ። ሰማያዊ ጥራዝ ነው። ሦስተኛው ትውልድ ላይ፣ የሴትዮዋ የዘር ግንድ በሆነው በሦስተኛው ወንድ ልጅ ስም ጎን፣ በቅንፍ ውስጥ የጥያቄ ምልክት ተቀምጧል። ከገጹ ግርጌ አራት መስመር ማስታወሻ አለ።

ማስታወሻው የሚለው ይህን ነው። አባትየው የተናዘዘው በአንድ ዓመት ፌብሩዋሪ ነው። በኑዛዜው ሦስተኛውን ልጁን በስሙ ጠርቶ መሬት አውርሶታል። ማርች መጀመሪያ ላይ ኑዛዜው ፍርድ ቤት ጸድቋል፤ አባትየው ሞቷል ማለት ነው። በደብሩ መዝገብ ግን ይህ ልጅ የተወለደው በዚያው ዓመት ኖቬምበር ነው። አባት ያልተወለደ ልጅ በስሙ ጠርቶ ሊያወርስ አይችልም። ስለዚህ ኑዛዜው ላይ ያለው ልጅ በሕፃንነቱ ሞቶ፣ በኖቬምበር የተወለደው መበለቲቱ ከሌላ ሰው የወለደችው ይሆናል። መጽሐፉ የሚለው ይህን ነው። ሴትዮዋ የዚህ የኖቬምበሩ ልጅ ተወላጅ ናቸው።

እህቴ በሩ ላይ ቆማ ስትሰማ ነበር።

«አሥር ቤት ድረስ!» አለችኝ በአማርኛ። «እኛ ሰባት ቤት የምንቆጥረው ለጋብቻ ነው። እነዚህ ለመቃብር ነው የሚቆጥሩት።»

ሴትዮዋ ምን እንዳለች ጠየቁ፤ ተረጎምኩላቸው። ሳቁና ቱቦአቸውን አስተካከሉ።

«አንተስ ስንት ትቆጥራለህ?» አሉኝ።

«እሱ?» አለች እህቴ ቀድማኝ። «ቅድመ አያቱ ላይ ይቆማል። ሌላውን ዘመን ዜና ሲያነብ ነው የኖረው።»

ሥራ ላይ አንድ ልማድ አለኝ፤ አንድ ነገር ሁለት ምንጭ ሳያገኝ አይነበብም። የቤተሰቡን ሐረግ ኢንተርኔት ላይ ስፈልግ ብዙ ቦታ አገኘሁት። ሁሉም ላይ ያው የጥያቄ ምልክት አለ፤ ሁሉም የሚጠቅሱት ሰማያዊውን መጽሐፍ ነው። ያ ስንት ጊዜ ቢገለበጥ አንድ ምንጭ ነው። ስለዚህ ዋናዎቹን ለማየት ወሰንኩ።

የደብሩ መዝገብም የፍርድ ቤቱ ኑዛዜም በማይክሮፊልም አሉ። ሦስት ቅዳሜ አንድ ቤተ መጻሕፍት የታሪክ ክፍል ውስጥ ተቀመጥኩ። ክፍሉን የሚመሩት መነጽራቸውን በገመድ ያንጠለጠሉ ዝምተኛ ሴት ናቸው። የጠየቅኳቸውን ፊልም ያመጣሉ፤ ማሽኑን ያሳዩኛል፤ ይሄዳሉ። የዚያ ዘመን የእጅ ጽሑፍ ለዓይን አስቸጋሪ ነው። የመጀመሪያውን ቀን አንድ ገጽ ብቻ ነው ያነበብኩት።

የደብሩ መዝገብ ልጁን ይዟል። ኖቬምበር። የአባትና የእናት ስም አለ። አባትየው ሟች ነው አይልም።

ኑዛዜው ሁለት ገጽ ተኩል ነው። ፌብሩዋሪ፣ በዚያው የዓመት ቁጥር። አባትየው ነፍሱን ለእግዚአብሔር፣ ሥጋውን ለምድር ይሰጣል። መሬቱን ለሦስት ልጆቹ ያከፋፍላል። ከዚያ ዕቃው ይዘረዘራል፤ የላባ ፍራሽ፣ ሁለት በሬ፣ የብረት ድስት። ከብረት ድስቱ ቀጥሎ ሰዎች ናቸው። ሰባት ሰዎች። ስማቸው አንድ አንድ ቃል ነው፤ የአባት ስም የላቸውም፣ ዕድሜ የላቸውም። ሁለቱ ለሚስት፣ ሁለቱ ለትልቁ ልጅ፣ አንዱ ለመካከለኛው፣ ሁለቱ ለትንሹ ተሰጥተዋል። ትንሹ የሴትዮዋ የዘር ግንድ ነው፤ ጥያቄ ምልክቱ ላይ ያለው።

ቅጂውን ይዤ አሌክሳንድሪያ ሄድኩ። ሴትዮዋ ሁሉንም እንዳነብላቸው ፈለጉ፤ አነበብኩ። ሰባቱ ስሞች ላይ ስደርስ እጃቸውን አነሡ።

«እነሱን እንደገና። ቀስ ብለህ።»

ደገምኩ።

«የት ነው የተቀበሩት?»

«አላውቅም። ወደ ልጅዎ መቃብር ስትወስድዎት ከግንቡ ውጪ ጽሑፍ የሌላቸው ድንጋዮች እንዳሉ አይታለች እህቴ። የማን እንደሆኑ የሚናገር ሰነድ የለኝም።»

«ለቦርዱ ስትልክ ይህንንም ገጽ ጨምር።»

«ለማስረጃው አያስፈልግም።»

«አውቃለሁ» አሉ። «ጨምረው።»

ከዚያ የመጣሁበትን ነገርኳቸው። ዋናዎቹን ሰነዶች አይቻለሁ፤ መጽሐፉ በትክክል ገልብጧቸዋል፤ ፌብሩዋሪ ከኖቬምበር ይቀድማል፤ ሁለቱ አይታረቁም። ያገኘሁትን ሳልቀባባ ነው የምናገረው፤ ለእሳቸውም እንዲሁ አደረግኩ።

«ተማሪዎቼ የተሳሳተ ውጤት ሲያመጡ ‹ሙከራውን ድገሙት› እላቸው ነበር» አሉ። ከዚያ መተኛት እንደሚፈልጉ ተናገሩ።

እህቴ አልጋቸው ላይ አስተኝታቸው ተመለሰች። ወጥ ቤት ጠረጴዛ ላይ የሳምንቱን ክኒን ሰባት ቤት ባለው ሳጥን ውስጥ ትደረድር ጀመር። ሐሙስን ስትጨርስ ቀና አለች።

«ዘመን የሚለወጥላቸው መቼ ነው?»

«የማን?»

«የእነዚህ። የትምባሆዎቹ።»

«ጃንዋሪ አንድ ነዋ፣ እትዬ። የፈረንጅ ዘመን መለወጫ ሌላ አለው እንዴ?»

«ያኔም? አይተሃል?»

አላየሁም።

«እኔ የምጠይቅህ ለምን መሰለህ» አለች ክኒኑን ሳትተው። «ዲቪ ሲደርሰኝ ፎርም የሞላልኝ ሰውዬ የልጆቼን ልደት ወደ ፈረንጅ ሲያዞር፣ የትልቁ ኅዳር ነው ሰባት መጨመር ሲገባው ስምንት ጨመረ። የትንሿ መጋቢት ነው፣ ስምንት ጨመረ፣ ያ ልክ ነው። ዞሮ ዞሮ በወረቀት በአራት ወር ልዩነት ሁለት ልጅ ወለድኩ። ኢንተርቪው ላይ የኤምባሲዋ ሴት ወረቀቱን ታያለች፣ እኔን ታያለች፣ ወረቀቱን ታያለች። ልጆቹ የኔ አይደሉም ነበር የመሰላት። ቀኑ ልክ ነው፣ ወሩ ልክ ነው፣ ልጆቹ የኔ ናቸው። ያበላሸው ዘመኑ የሚለወጥበት ቦታ ነው።»

ይህን ታሪክ ከዚያ በፊት አሥር ጊዜ ሰምቼዋለሁ። የቤተሰብ ቀልድ ነው።

በሚቀጥለው ቅዳሜ ኑዛዜውን ትቼ ፍርድ ቤቱ በየወሩ ሲያስችል የተያዘውን የውሎ መዝገብ ጠየቅኩ። ጸሐፊው የእያንዳንዱን ችሎት ወርና ዓመት በገጹ ራስ ላይ ጽፏል፤ ገጾቹ በቁጥር የተከታተሉ ናቸው። ከኖቬምበር ጀመርኩ። ኖቬምበር፣ ዲሴምበር። ገጹን ገለበጥኩ። ጃንዋሪ፣ የዓመቱ ቁጥር አልተለወጠም። ፌብሩዋሪ፣ አልተለወጠም። ማርች መጀመሪያ፣ አልተለወጠም፤ ኑዛዜው የጸደቀው እዚህ ገጽ ላይ ነው። ቀጣዩ ገጽ ኤፕሪል ነው። ኤፕሪል ላይ ቁጥሩ በአንድ ጨምሯል።

ፊልሙን ወደ ኋላ አጠንጥኜ እንደገና አየሁ። ከዚያ ያለፈውንና የሚቀጥለውን ዓመት አየሁ። ሁሉም እንደዚያው ነው።

ዝምተኛዋን ሴት ጠርቼ ጠየቅኳቸው። የእንግሊዝ ቅኝ ግዛቶች ዓመት የሚጀምሩት ማርች 25 ቀን ነበር አሉኝ፤ በአሥራ ስምንተኛው መቶ ዘመን አጋማሽ በሕግ ወደ ጃንዋሪ አንድ እስኪዛወር ድረስ። ማርች 25 የብሥራት በዓል ነው፤ የእኛ ቤተ ክርስቲያን መጋቢት 29 ፅንሰት ብላ የምታስበው። በድሮው አቆጣጠር ሁለቱ አንድ ቀን ናቸው።

«ይህን እዚህ ክፍል የሚመላለስ ሰው ሁሉ ያውቀዋል» አሉ።

«ለምን አልነገሩኝም?»

«የጠየቅኸኝ ፊልም ነው።»

ስለዚህ ኖቬምበር ከፌብሩዋሪ በፊት ነው። አባትየው ሲናዘዝ ልጁ የሦስት ወር ሕፃን ነበር። መጽሐፉን የጻፉት ሰው ኑዛዜውንና የደብሩን መዝገብ አይተዋል፤ የውሎ መዝገቡን አላዩም።

እህቴን ደወልኩላት። ሥራ ላይ ስለነበረች ስልኩን ድምፅ ማጉያው ላይ አደረገችው።

«ማርች ላይ ነው የሚለወጠው» አልኳት።

«አላልኩህም?» አለች። ከዚያ በእንግሊዝኛ ለሴትዮዋ ነገረቻቸው። ሴትዮዋ የመለሱትን ከስልኩ በደንብ አልሰማሁትም። እህቴ «እማማ፣ አያልቅሱ፤ ኦክስጅኑ ይወልቃል» ስትል ሰማሁ።

ጉዳዩ በዚያው ማለቅ ነበረበት። ያላለቀው በእኔ ምክንያት ነው።

ለጁን ስብሰባ የሚቀርበውን የዘር ሰንጠረዥ ያዘጋጀሁት እኔ ነኝ። ሁለት ገጽ ነው፤ እያንዳንዱ ትውልድ ከነሰነዱ ተዘርዝሯል። የኑዛዜውን ቀን ስጽፍ በዛሬው አቆጣጠር አዙሬ፣ በዓመቱ ላይ አንድ ጨምሬ ጻፍኩት። ሰነዱ ላይ ያለውን ቁጥር አልጻፍኩም። ዜና ክፍል ውስጥ ከሃያ ዓመት በላይ ያደረግኩት ይህንኑ ነው። ከአገር ቤት ዜና ሲመጣ ዓመተ ምሕረቱን ወደ ፈረንጅ አዞራለሁ፤ የዞረውን አስቀምጬ ዋናውን እሰርዛለሁ። ሁለት ዓመት ከተነበበ አድማጭ ይደናገራል። እጄ ለምዶታል፤ ሳላስብ አደረግኩት። በማብራሪያው ላይም የዓመቱ መጀመሪያ ማርች እንደነበር ጻፍኩ እንጂ ቁጥሩን እኔ እንደለወጥኩ አልጻፍኩም። የውሎ መዝገቡን ገጾች ቅጂም አላያያዝኩም፤ ቦርዱ ከጠየቀ እልካለሁ ብዬ ነበር።

የጁን ስብሰባ በተደረገ በሁለተኛው ቀን ሰብሳቢው ደወሉልኝ። ጡረታ የወጡ ጠበቃ ናቸው፤ ቀስ ብለው ነው የሚናገሩት።

«ኑዛዜው ከፊቴ ነው» አሉ። «አንተ የጻፍከው ዓመት እላዩ ላይ የለም።»

«ወደ ዛሬው አቆጣጠር አዙሬው ነው።»

«ማን አዙር አለህ? ሰነድ ላይ ያልተጻፈ ዓመት ጽፎ የቀረበን ማስረጃ ቦርዱ አይቀበልም። የአያቴን መጽሐፍ ለመከላከል እንዳይመስልህ። የራሴ ልጅ ቢያመጣውም እመልሰው ነበር።»

ሰነዱን በተመለከተ ትክክል ነበሩ። ለሴፕቴምበር እንደገና ማቅረብ ይቻላል አሉ፤ ስልኩን ዘጉ።

በዚያው ከሰዓት ሄጄ ለሴትዮዋ ነገርኳቸው። ስህተቱ የእኔ መሆኑን አስቀድሜ ተናገርኩ።

«ሴፕቴምበር ስንት ወር ነው?»

«ሦስት።»

«ይህን ለልብ ሐኪሜ ንገረው» አሉ። አልሳቁም፣ አልተቆጡም። ከዚያ ሳንድዊች መብላቴን ጠየቁኝ።

እህቴ መኪናዬ ድረስ ሸኘችኝ። በሩን ይዛ አላስዘጋ አለችኝ።

«ያ ፎርም ሞይ ምን እንዳደረገኝ ስንት ጊዜ ነገርኩህ?»

«አውቃለሁ፣ እትዬ።»

«እሱስ ማትሪክ የወደቀ ሰው ነው። አንተ ምን ሆንክ?»

በሩን ለቀቀችው።

ጁላይ ውስጥ ሴትዮዋ ሁለት ጊዜ ሆስፒታል ገቡ። ለሁለተኛው ጊዜ ሲወጡ ወንበር ላይ ካልሆነ መንቀሳቀስ አይችሉም ነበር። እህቴ ሺፍቷን ጨምራ እሑድንም ያዘች።

አዲሱን ሰንጠረዥ ሠራሁ። እያንዳንዱን ቀን መጀመሪያ ሰነዱ ላይ እንዳለ፣ ቀጥሎ በሰያፍ መስመር ለይቼ የዛሬውን አስቀመጥኩ። ከኖቬምበር እስከ ኤፕሪል ያሉትን የውሎ መዝገብ ገጾች ሁሉ አሳትሜ የቅጂነት ማረጋገጫ ማኅተም አስደረግኩባቸው። ዝምተኛዋ ሴት ገጾቹ ሳይቋረጡ የተከታተሉ መሆናቸውን በፊርማቸው አረጋገጡልኝ፤ ይህን አልጠየቅኳቸውም ነበር። ሰባቱ ስሞች ያሉበትን ገጽ መጨረሻ ላይ አደረግኩት።

ሴፕቴምበር 6፣ ቅዳሜ፣ ቦርዱ መቃብሩ አካባቢ ባለ የገጠር ቤተ ክርስቲያን አዳራሽ ተሰበሰበ። ሴትዮዋ ራሳቸው ካልሄድኩ አሉ። እህቴ ነዳች፤ እኔ ከኋላ የኦክስጅኑን ሲሊንደር ይዤ ተቀመጥኩ። ሰብሳቢው በር ላይ ቆመው ስብሰባው ለዘመድ ብቻ መሆኑን ተናገሩ። እኔ ወደ ኋላ አልኩ። እህቴ ግን ወንበሩን መግፋቷን አላቆመችም።

«እሷም ዘመድ አይደለችም» አሉ ሰብሳቢው።

ሴትዮዋ ቀና ብለው አዩአቸው። «ታዲያ ማን ይገፋኛል? አንተ? ሜዳ ላይ እንኳ ራስህን መግፋት አቅቶህ በምርኩዝ ነው የቆምከው።»

ሰብሳቢው በሩን ከፈቱ።

እኔ መኪና ውስጥ ሃምሳ ደቂቃ ቆየሁ። ውስጥ የሆነውን የምጽፈው ከእህቴ ሰምቼ ነው፤ በኋላ ከቃለ ጉባኤው ጋር አመሳክሬዋለሁ። ሰባት የቦርድ አባላት ነበሩ። ገጾቹ ጠረጴዛው ላይ በተራ ተዘረጉ። ሰብሳቢው ከኖቬምበር ጀምረው ጣታቸውን በገጾቹ ራስ ላይ እያሳለፉ ቁጥሩን ድምፅ አውጥተው አነበቡ። ኤፕሪል ላይ ሲደርሱ ቆሙ፤ ወደ ኋላ ተመልሰው ማርችን ደገሙት። አንዲት አባል የሰብሳቢው አያት የውሎ መዝገቡን አይተው እንደሆነ ጠየቁ። ሰብሳቢው «አላዩም ይመስለኛል» አሉ። አንድ ሌላ አባል ቦታው ጥቂት ስለሆነ ውሳኔው ለሚቀጥለው ዓመት ይቆይ የሚል ሐሳብ አቀረቡ፤ ደጋፊ አላገኙም። አምስት ድጋፍ፣ አንድ ተቃውሞ፣ አንድ ድምፀ ተአቅቦ። ሰብሳቢው ከደገፉት ወገን ናቸው።

ሰባቱ ስሞች ያሉበት ገጽ ላይ ውይይት አልተደረገም። ቃለ ጉባኤው «ለመረጃ ተያይዟል» ይላል። ሴትዮዋ ስሞቹ እንዲነበቡ ጠይቀው ነበር፤ ሰብሳቢው ሰዓት የለም አሉ። ይህ ቃለ ጉባኤው ላይ የለም፤ እህቴ ናት የነገረችኝ።

ወጥተው ሲመጡ እህቴ ከሩቁ አውራ ጣቷን አነሣችልኝ። ሴትዮዋ መኪናው አጠገብ ሲደርሱ እጄን ያዙኝ። እጃቸው ቀዝቃዛ ነበር።

«እዚህ ድረስ ከመጣን አይቀር» አሉ «እንያት።»

መቃብሩ አሥር ደቂቃ ነው። በሩ ጠባብ ስለሆነ ወንበሩ አልገባም። እኔና እህቴ ተሸክመን አስገባናቸው። የልጃቸው ድንጋይ ከምሥራቁ ግንብ አጠገብ ነው፤ ከጎኑ ሣር የበቀለበት ባዶ ቦታ አለ። ድንጋዩ ላይ የወደቀውን ቅጠል እህቴ በእጇ ጠረገችው። ግንቡን ዞሬ ውጪውን አየሁ። ጽሑፍ የሌላቸው ድንጋዮች አሉ፤ የቆጠርኳቸው አሥራ አንድ ናቸው፤ በሣሩ ውስጥ ያላየሁት ሊኖር ይችላል።

የቦርዱ ደብዳቤ በሳምንቱ በፖስታ ደረሰ። እህቴ ሴቨን ኮርነርስ ያለ ፎቶ ኮፒ ቤት ወስዳ ሦስት ቅጂ አስነሣች፤ አንዱን ሴትዮዋ ትራሳቸው ሥር አደረጉት።

ኦክቶበር 23፣ ሐሙስ፣ ከጠዋቱ አንድ ሰዓት ተኩል ላይ እህቴ ቤቱን ከፍታ ስትገባ ሴትዮዋ አልነቁም። የሐኪሙ ወረቀት የልብ ድካም ይላል። የኖሩት ዘጠና አንድ ዓመት ከሰባት ወር ነው።

የተቀበሩት ኦክቶበር 29፣ ረቡዕ፣ ከቀኑ ስምንት ሰዓት ነው። ሥርዓቱን ያደረጉት የአካባቢው ቄስ ናቸው። ዘጠኝ ሰው ነበር፤ ሰብሳቢው አንዱ ናቸው። እህቴ ነጠላዋን አዘቅዝቃ ለብሳ ነበር የመጣችው። ሰው ሲበተን ከልጅቷ መቃብር መሐል ወደ እናትየዋ መቃብር መሐል በእርምጃ ለካች፤ ሁለት እርምጃ ሆነ። እኔ በሜትር ለካሁት። አንድ ሜትር ከአርባ ሳንቲ ሜትር ነው።